ፈረሱና ውሃው በአንድ ዋጋ ሲሸጡ

ክቡር አዘጋጅ፣

በዓልና ዕረፍት ሲቃረብ ከድሬዳዋና ከሐረር ቡድን አሰባስበው ወደ ሐረና፣ ወደ ከፋ ወይም ወደ ሌላ ጥቅጥቅ ደን የሚወስዱ አዘጋጆች ሁለት ነገር በአንድ ዋጋ ያቀርባሉ፦ ከመሪ ጋር በፈረስ መጓዝ፣ ከዚያም በደኑ ውስጥ ባለ ወንዝ ወይም ፏፏቴ ሥር መዋኘት። በባሕር ማዶም እንዲሁ ነው፤ በዶሚኒካን ሪፐብሊክ ሳማና የሚገኘውን የኤል ሊሞን ፏፏቴ ለማየት ብዙ ጎብኚ በፈረስ ይወጣል፣ ከሥሩም ይዋኛል። ይህ ዓይነቱ ጉዞ እንዲስፋፋ እንጂ እንዲቀር አንፈልግም። የምንጽፈው ፈረሱና ውሃው ለየብቻ ሲታሰቡ የማይታይ ችግር ሲገናኙ ስለሚፈጠር ነው። የሞቀ ፈረስ፣ የደከመ ጋላቢ፣ ቀዝቃዛ ውሃ፣ የረጠበ ኮርቻና ከሰዓት በኋላ የሚመጣ ዝናብ በአንድ ቀን ይገጣጠማሉ። ለዚህ ያልተዘጋጀ መሪ ፈረስ አዋቂ ቢሆንም፣ ዋናተኛ ቢሆንም በቂ አይደለም።

ከክብደት እንጀምር፤ ብዙው ስህተት ገና በማለዳ የሚሠራው እዚህ ላይ ነውና። የአገራችን ፈረስ ጠንካራ ቢሆንም ትንሽ ነው። ክብደቱን ለማወቅ ሚዛን አያስፈልግም፤ በሐረር መኪና ግርግር ልብስ ሰፊዎች የሚለኩበት ሜትር ይበቃል። ሜትሩን ከፊት እግሮቹ ኋላ አድርጋችሁ በጫንቃው ላይ አዙሩና የደረቱን ዙሪያ በሴንቲሜትር ያዙ። ቀጥሎ ከትከሻው ጫፍ እስከ ታፋው ጫፍ ያለውን ርዝመት ለኩ። ዙሪያውን በራሱ አባዙት፣ ውጤቱን በርዝመቱ አባዙት፣ ከዚያ ለ11,880 አካፍሉት፤ የሚገኘው ክብደቱ ነው፣ በኪሎ። ዙሪያው 145፣ ርዝመቱ 130 የሆነ ፈረስ 230 ኪሎ ገደማ ይመዝናል ማለት ነው። ፈረስ ሳይጎዳ የሚሸከመው የክብደቱን 20 በመቶ ያህል ነው፤ ይኸውም ኮርቻውንና ከኮርቻው የተንጠለጠለውን ዕቃ ሁሉ ጨምሮ። ለ230 ኪሎው ፈረስ 46 ኪሎ ነው። ጭነቱ ሩብ ሲደርስና ከዚያ ሲያልፍ በማግስቱ የጀርባው ጡንቻ ይታመማል፤ ጣት ሲያርፍበት ይሸሻል፣ ኮርቻ ሲያይ ጆሮውን ወደ ኋላ ይጥላል።

ታዲያ 75 ኪሎ የሆነ ጎልማሳ ከቤቱ ይቅር? አይደለም። ነገር ግን ቀኑን ሙሉ በፈረስ ጀርባ ይዋል ማለትም አይቻልም። ለከባድ ሰው በመንደሩ ካለው ሁሉ ትልቁ በቅሎ ይመደብለት፤ በቅሎ ለቁልቁለትና ለድንጋያማ መንገድ ከፈረስ ይልቅ የታመነች ናት። በሜዳው ላይ በእርምጃ ብቻ ይቀመጥ፣ ዳገትና ቁልቁለት ሲመጣ ወርዶ በእግሩ ይሂድ፣ በጠቅላላው ከሁለት ሰዓት በላይ አይቀመጥ። አንዳንድ አዘጋጆች ሁለት ሰው እየተፈራረቀ የሚጋልበው አንድ ፈረስ በማቅረብ ወጪ ይቀንሳሉ። ይህ የሚያሳርፈው ሰዎቹን ነው፤ ፈረሱ ለአፍታም አያርፍም። ክብደትን በምዝገባ ጊዜ መጠየቅ ነውር ሆኖ የሚታያቸው አሉ። ነውሩ ሳይጠይቁ 90 ኪሎ ሰው በ200 ኪሎ እንስሳ ላይ ማስቀመጥ ነው።

ኮርቻው ሲጫን ከሥሩ የሚነጠፈው ጨርቅ፣ ግላሱ፣ ደረቅና ያልተጨማደደ ይሁን። ከኋላ ጎንበስ ብላችሁ በኮርቻውና በአከርካሪው መካከል ብርሃን ሲያልፍ ማየት አለባችሁ፤ ካላያችሁ እንጨቱ አከርካሪውን እየተጫነ ነው። ፈረስ የሆዱ ጠፍር ሲጠበቅ ትንፋሹን ይዞ ሆዱን ይነፋል፤ ስለዚህ ጠፍሩን በአንድ ጊዜ አታጥብቁ። ጥቂት አጥብቁ፣ ጥቂት እርምጃ አስኪዱት፣ እንደገና አጥብቁ፣ ከተነሳችሁ ከ10 ደቂቃ በኋላም አቁማችሁ መርምሩ። ሁለት ጣት ከገባ ልክ ነው። ኮርቻ ዞሮ ሰው የሚጥለው አብዛኛውን ጊዜ ይህች የመጨረሻዋ ምርመራ ስትዘለል ነው። ቁልቁለት ባለበት መንገድ ከጅራት ሥር የሚያልፈው ማሰሪያ፣ ዳገት ባለበት ደግሞ የደረቱ ማሰሪያ የግድ ነው። ገንዘብ ከመክፈላችሁ በፊት ኮርቻው ሲወርድ እንድታዩ ጠይቁ፤ በጠቆረ ጀርባ ላይ ነጭ ጸጉር የበቀለበት ቦታ የድሮ ቁስል ጠባሳ ነው። አንድ ፈረስ ላይ ቢገኝ ያለፈ ታሪክ ሊሆን ይችላል። በሁሉም ላይ ካለ የባለቤቶቹን አያያዝ ይነግራችኋል።

ስለ ሙቀት የእኛ አገር ሰው የሚያውቀው አንዱን ዓይነት ነው። የድሬዳዋ ሙቀት ደረቅ ስለሆነ ላብ ወዲያው ይተናል፣ ገላም ይቀዘቅዛል። በጥቅጥቅ ደን ውስጥ ግን አየሩ በእርጥበት የተሞላ ነው፤ ላቡ ይንጠባጠባል እንጂ አይተንም። ስለዚህ ቴርሞሜትሩ ከድሬዳዋ ያነሰ እያሳየ ፈረሱም ሰውም በበለጠ ፍጥነት ይሞቃሉ። ያረፈ ፈረስ በደቂቃ ከ8 እስከ 16 ጊዜ ይተነፍሳል፤ ሽንጡን እያዩ መቁጠር ይቻላል። የልብ ምቱ ከ28 እስከ 44 ነው፤ ከመንጋጋው ሥር ባለው ደም ሥር ላይ ሁለት ጣት አሳርፎ ለ15 ሰከንድ መቁጠርና በ4 ማባዛት ነው። ከ20 ደቂቃ ዕረፍት በኋላ የልብ ምቱ ከ60 ካልወረደ ያን ዕለት ማንም አይቀመጥበት። የሞቀ ፈረስ ቀዝቃዛ ውሃ ከነካው ጡንቻው ይያዛል የሚለው አባባል ብዙ ፈረስ ጎድቷል። በአንገቱ፣ በደረቱ፣ በሽንጡና በእግሮቹ ላይ ውሃ ደጋግሞ ማፍሰስ ያድነዋል። መጠጣትም አይከልከል፤ ጥቂት ጉንጭ ይጠጣ፣ ጥቂት ይራመድ፣ ይድገም።

ፈረሶችን ከሐረርጌ ደጋ በጭነት መኪና ወስዶ ደን ውስጥ ማስገባት የሚያስቡ ካሉ ይተዉት። በምዕራብና በደቡብ ምዕራብ ቆላማ ሸለቆዎች፣ በግቤ፣ በዴዴሳ፣ በባሮ፣ ገንዲ የተባለውን የእንስሳት በሽታ የምታስተላልፈው የቆላ ዝንብ አለች። በክረምቱ መውጫ ደግሞ በምሽት የምትናደፈው ጥቃቅን ተናካሽ ዝንብ የአፍሪካ ፈረስ በሽታን ታመጣለች፤ በሽታው ፈረስን በቀናት ውስጥ ይገድላል። ፈረስ ከቦታው ነዋሪ መከራየት ይሻላል። በባሌ ዲንሾና በዶዶላ አካባቢ ፈረስ ከነመሪው ማግኘት የተለመደ ነው፤ ገንዘቡም እዚያው ይቀራል። በነገራችን ላይ በሐረር ምሥራቅ በኮንዱዶ ተራራ አናት ላይ ያለ ባለቤት የሚኖሩት ፈረሶች ለጉዞ የሚታሰቡ አይደሉም። ቁጥራቸው በጣም ትንሽ ነው፤ ከሩቅ ይታዩ፣ አይባረሩ፣ አይያዙ።

በደኑ መንገድ ላይ መጋለብ የለም፣ ሶምሶማም የለም፤ እርምጃ ብቻ። በፈረሶቹ መካከል የአንድ ፈረስ ርዝመት ያህል ክፍተት ይኑር፣ የሚራገጠው ከኋላ ይሁን። ቅርንጫፍ ሲመጣ ወደ ፊት በጋማው ላይ መተኛት ነው፤ ወደ ኋላ የተለጠጠ ሰው ቅርንጫፉ ከኮርቻው ያነሳዋል። ጫማው አጭር ተረከዝ ያለው ይሁንና እርካብ ውስጥ የእግሩ ፊት ብቻ ይግባ። በነጠላ ጫማ የወጣ ሰው እግሩ አልፎ ይገባና ሲወድቅ ይጎተታል። የጋላቢ ቆብ ከሌለ የብስክሌት ሄልሜት ካለመኖር ይሻላል። አንድ ነገር ደግሞ የሐረናንና የከፋን ደን ያላየ አያስበውም፦ ዛፉ ላይ የተሰቀሉት ቀፎዎች። ላብ የጠጣ ፈረስ ሽታና ጫጫታ ንብ ያስቆጣል። ከቀፎ በታች ዝም ብሎ ማለፍ፣ ፈጽሞም አለመቆም። ንብ ከተነሳ ሁሉም ወደ ፊት ይሂድ እንጂ በጠባብ መንገድ ላይ ለመዞር አይሞክር።

አሁን ወደ ውሃው። ፈረሶቹ ከዳርቻው 100 ሜትር ያህል ርቀው በጥላ ይታሰሩ። የሚታሰሩት በራስ ገመድ ነው እንጂ በልጓሙ አይደለም፤ ደንግጦ ወደ ኋላ ሲስብ ልጓም አፉን ይቀደዋል። ቋጠሮው በአንድ ስቦ የሚፈታ፣ ከፍታው ከጫንቃው ያላነሰ፣ ርዝመቱ አንድ ክንድ ይሁን። ጠፍሩ ቀስ በቀስ ይላላ፤ ቆይታው ከአንድ ሰዓት ካለፈ ኮርቻው ይውረድ። ፈረሶች የሚጠጡት ሰው ከሚዋኝበት በታች ነው። ሰዎቹ ደግሞ ቢያንስ ለግማሽ ሰዓት ይቀመጡ፣ ውሃ ይጠጡ፣ ጨው ያለበት ነገር ይቅመሱ። ከኮርቻ የወረደ ሰው ጭኑ ይንቀጠቀጣል፣ እግሩ አይታዘዝለትም፤ በዚያ እግር የሚያንሸራትት ድንጋይ ላይ መቆም መውደቅ ነው። ከ4,000 ሜትር በላይ ከሆነው ከሳነቲ አምባ ወደ ሐረና የሚወርደው ውሃ ደኑ ቢሞቅም ቀዝቃዛ ነው። የሞቀ ገላ በአንድ ጊዜ ሲገባበት ሰው ሳይወድ ትንፋሹን ወደ ውስጥ ይስባል፤ በዚያች ቅጽበት አፉ ከውሃ በታች ከሆነ የሚገባው ውሃ ነው። ፊትን፣ አንገትን፣ ደረትን እያራሱ ቀስ ብሎ መግባት ይህን ይከላከላል።

ብዙ ደንበኛ ለፎቶ ብሎ ከነፈረሱ ውሃ መግባት ይጠይቃል። መልሱ እምቢ መሆን አለበት። ፈረስ ዋና ያውቃል፤ የሚያሰምጠው ከላዩ ያለው ሰው ነው። ሰውየው ሲፈራ ዛቡን፣ የልጓሙን ማሰሪያ፣ ይስባል፣ የፈረሱ ራስ ወደ ኋላ ይሄዳል፣ የኋላ እግሮቹ ይወርዳሉ፣ ሁለቱም ይገለበጣሉ። የሚቀዝፉት እግሮች ከጎን የወደቀውን ሰው ይመታሉ። ታች ጠንካራ አሸዋ ወይም ጠጠር በሆነበት፣ ውሃውም ከፈረሱ ጉልበት በማያልፍበት፣ በመሪ እየተሳቡ ማቋረጥ ይበቃል።

ስለ ደራሽ ውሃ ለድሬዳዋ ሰው ማስተማር አያስፈልግም። ሐምሌ 29 ለ30 ቀን 1998 ዓ.ም. ሌሊት የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ ከ200 በላይ ሰዎች ሲሞቱ ዝናቡ የከበደው ከበላይ ባለው ደጋ ነበር። የፏፏቴ ሥር ጉድጓድም በዚሁ ሕግ ይሠራል፤ ከራስ በላይ ያለው ሰማይ ጥርት ብሎ ከበላይ ያለው ተራራ ሊዘንብበት ይችላል፣ ደኑ ደግሞ ተራራውን ይሸፍነዋል። ስለዚህ ጉዞው ከጠዋቱ 12 ሰዓት ተኩል ይጀመርና ከቀኑ 8 ሰዓት በፊት ሁሉም ከውሃው ይውጣ። ከሰዓት በኋላ ዝናብ ይበዛል፣ በዛፎች ሥርም ከሜዳው ቀድሞ ይጨልማል። ንጹህ የነበረው ውሃ ከደፈረሰ፣ ቅጠልና ጭራሮ መውረድ ከጀመረ፣ የፏፏቴው ድምፅ ከተለወጠ ልብስ ለመሰብሰብ አትቆሙ። ወደ ላይ ወደ ጎን ዳገቱ ውጡ፤ በወንዙ መውረጃ አትሩጡ። ለዚህ ነው ፈረሶቹ ከዳርቻው ርቀው ይታሰሩ ያልነው። መመለሻው ከማዶ ከሆነና ውሃው ከጉልበት ካለፈ እስኪጎድል መጠበቅ ነው፤ እዚያው ማደር ካስፈለገም ይታደር።

በፏፏቴው ሥር ያለው አረፋ ያማልላል። አየር የተቀላቀለበት ውሃ ሰውን በደንብ አያንሳፍፍም፣ የሚወርደው ውሃም ከታች አዙሪት ይፈጥራል፤ ጎበዝ ዋናተኛም እዚያ ጉልበቱ ያልቃል። ከሚወርደው ውሃ ቢያንስ 10 ሜትር ይራቅ። የወደቀ ግንድ በውሃ ውስጥ ካለ ውሃው ወደሱ በሚፈስበት በላይኛው በኩል አይዋኝ፤ ውሃው በቅርንጫፎቹ መካከል ያልፋል፣ ሰው ግን ይያዛል። ከድንጋይ ላይ መዝለል ይከልከል፤ ባለፈው ወር ጥልቅ የነበረ ቦታ ጎርፍ ባመጣው ድንጋይ ሊሞላ ይችላል። መሪው ቀድሞ ገብቶ በረጅም በትር ጥልቀቱን ይለካና ድንበሩን በገመድ ያሳይ።

ለስድስት ዋናተኛ አንድ፣ ራሱ ለመዋኘት የማይገባ ጠባቂ በዳር ይቁም፤ ስልኩን በኪሱ ከቶ። ዋናተኞቹ ጥንድ ጥንድ ይሁኑ፣ በየ10 ደቂቃው በፉጨት ይቆጠሩ። ውድ መሣሪያ አያስፈልግም፦ ባለ 5 ሊትር ጀሪካን ውስጥ አንድ ኩባያ ውሃ ጨምሮ ክዳኑን ማጥበቅ፣ እጀታው ላይ 20 ሜትር ገመድ ማሰር። ያቺ ጥቂት ውሃ ስትወረወር ክብደት ትሰጠዋለች፣ ባዶው ይንሳፈፋል። የሚሰምጥን ሰው ዘሎ ገብቶ መያዝ ሁለት አስከሬን ያስወጣል፤ መጀመሪያ በትር ዘርጉ፣ ካልደረሰ ጀሪካኑን ወርውሩ። ሰውየው ወጥቶ የማይተነፍስ ከሆነ ሆዱን አትጫኑ፣ ዘቅዝቃችሁም አታንጠልጥሉ። አፍንጫውን ይዛችሁ በአፉ አምስት ጊዜ ትንፋሽ ስጡ፣ ከዚያ በደረቱ መሐል 30 ጊዜ ተጫኑ፣ ሁለት ጊዜ ትንፋሽ ስጡ፤ ሐኪም እስኪደርስ ወይም መተንፈስ እስኪጀምር ቀጥሉ። ይህን የማያውቅ መሪ ቡድን ይዞ ወደ ውሃ መሄድ የለበትም።

በእኛ አካባቢ በግልጽ መነገር ያለበት ሌላ ነገር ጫት ነው። የቀኑ በርጫ በጉዞው መሐል ሲገባ ልብ ይፈጥናል፣ የደም ግፊትና የገላ ሙቀት ይጨምራል፣ ድካምና ረሃብ ይደበቃሉ። እንዲህ ያለ ሰው መድከሙን የሚያውቀው ውሃው መሐል ሲደርስ ነው። የቃመም የጠጣም በዚያ ቀን አይዋኝ፤ ደንቡ በመሪውም ላይ ይሁን። ከጉዞ መልስ ወደ ኤረር ፍል ውሃ ለሚሄዱም ማሳሰቢያ አለን፦ ውሃ ያልጠጣ ደካማ ገላ ፍል ውሃ ውስጥ ራሱን ይስታል፤ ከ10 ደቂቃ አትብለጡ፣ ራሳችሁን አትድፈቁ።

ቀስ ብሎ የሚፈስና ሣር የበቀለበት ውሃ ቀንድ አውጣ ካለበት ቢልሃርዝያ ሊኖርበት ይችላል፤ ትሉ በደህና ቆዳ አልፎ ይገባል፣ በውሃው የሚበዛውም ፀሐይ በከረረችበት እኩለ ቀን ነው። እንዲህ ያለ ውሃ ውስጥ የገባ ሰው ወዲያው ባይታመምም ከስድስት ሳምንት በኋላ ይመርመር፤ በፕራዚኳንቴል ይታከማል። አልቅት የፈረሱንም የሰውንም አፍንጫና ጉሮሮ ይይዛል፤ አፍን ወንዝ ላይ ደፍቶ መጠጣት ይቅር። እንደ አዋሽ፣ ዋቤ ሸበሌና ባሮ ባሉ ቆላ ወንዞች አዞ አለ፤ እዚያ የአካባቢው ሰው የማይዋኝበት ቦታ እንግዳም አይዋኝ።

የመመለሻው ችግር ትንሽ ቢመስልም ሁሉንም ይነካል። በረጠበ ሱሪ ኮርቻ ላይ የተቀመጠ ሰው በግማሽ ሰዓት ጭኑ ይላጣል፤ ደረቅ ረጅም ሱሪ በፕላስቲክ ጠቅልሎ መያዝ ነው። የረጠበ ሰው የሚያንጠባጥበው ውሃ ግላሱን ያርሳል፣ የፈረሱ ጀርባም እንዲሁ ይላጣል፤ ለእያንዳንዱ ፈረስ ትርፍ ደረቅ ግላስ ይያዝ። ጠፍሩ እንደ ጠዋቱ ሁለት ጊዜ ይመርመር፤ ሆዱ ሳር በልቶ ውሃ ጠጥቶ መጠኑ ተለውጧል፣ ቆዳው ጠፍርም በእርጥበት ይላላል።

አዘጋጆች በምዝገባ ወረቀታቸው ላይ ሦስት ነገር እንዲጽፉ በጋዜጣችሁ በኩል እንጠይቃለን፦ አንድ ፈረስ የሚሸከመውን ከፍተኛ ኪሎ፣ ከውሃ የሚወጣበትን ሰዓት፣ በዳር የሚቆመውን ጠባቂ ስም። ተጓዡም ከመክፈሉ በፊት እነዚህን ይጠይቅ፤ መልስ ካላገኘ ገንዘቡን ይያዝ።

ከአክብሮት ጋር፣
የፈረስ ጉዞንና የውሃ ዳር ጥንቃቄን በቅርብ የምናውቅ፣ ከድሬዳዋ